ሰው በሚኖርበት ወንዝ ዳር በረሃብ መሞት፦ የበርክና የዊልስ ጉዞ

በ1861 ጁን ማብቂያ ገደማ ሁለት አውሮፓውያን በአውስትራሊያ መሃል አገር፣ ኩፐር ክሪክ በተባለ ወንዝ ዳር ሞቱ። ወንዙ አልደረቀም። ዓሣም ወፍም ነበረበት። ግራና ቀኙን ያንድሩዋንዳ የሚባሉ ሰዎች ከነልጆቻቸውና ከነሽማግሌዎቻቸው ይኖሩበት ነበር። ሁለቱ ሰዎች ሲሞቱ ሆዳቸው ባዶ እንኳ አልነበረም፤ የአገሬው ሰው የሚበላውን እየፈጩ እየበሉ ነበር። ሦስተኛው ጓደኛቸው ግን ተረፈ።

የሟቾቹ ስም ሮበርት ኦሃራ በርክና ዊልያም ጆን ዊልስ ነው፤ የተረፈው ጆን ኪንግ ይባላል። (እዚህ የተጻፉት ቀኖች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ታሪኩ ብዙ ጊዜ የሚነገረው የዕድል ጉዳይ ተደርጎ ነው፤ “ዘጠኝ ሰዓት ቀደም ብለው ሰፈራቸው ቢደርሱ ኖሮ” እየተባለ። ዕድል ድርሻ እንደነበረው አይካድም። ነገር ግን ጭነቱን፣ የቀን ስሌቱን፣ በዛፍ ላይ የተቀረጸውን ምልክትና በመጨረሻ የበሉትን እህል አንድ በአንድ ያየ ሰው፣ ሞታቸው ከዚያች ቀን ብዙ ቀድሞ መጀመሩን ያስተውላል።

ለምን ተነሱ?

አውሮፓውያን በአውስትራሊያ መስፈር የጀመሩት በ1788 ነው። ከ70 ዓመት በኋላም ኑሯቸው በአብዛኛው በባሕሩ ዳርቻና በአቅራቢያው ነበር፤ መሃል አገሩ በካርታቸው ላይ ባዶ ነጭ ወረቀት ነው። ባዶው ወረቀቱ እንጂ መሬቱ አልነበረም፤ ሰው ከ50,000 ዓመት በላይ ኖሮበታል፤ የውሃውን ቦታ፣ የንግዱን መንገድ፣ የእህሉን ወቅት ያውቃል። ይህ ዕውቀት ግን ካርታ ለሚሠሩት ሰዎች እንደ ዕውቀት አይቆጠርም ነበር። ኋላ የመጣው ጥፋት ሁሉ ከዚህ ይመነጫል።

የቪክቶሪያ ቅኝ ግዛት በ1851 ወርቅ ከተገኘባት ወዲህ በልጽጋለች። ዋና ከተማዋ ሜልቦርን ገንዘብም ኩራትም ነበራት። ጎረቤቷ ደቡብ አውስትራሊያ ደግሞ አህጉሩን ከደቡብ ወደ ሰሜን ለሚያቋርጥ ሰው 2,000 ፓውንድ ሽልማት አውጃ ነበር። ከሽልማቱ ጀርባ ቴሌግራፍ አለ፤ ከአውሮፓ በእስያ በኩል የሚመጣው ሽቦ በሰሜኑ ጠረፍ ወደ ምድር መውጣቱ አይቀርም፤ ሽቦው ወደ ደቡብ የሚወርድበትን መንገድ መጀመሪያ ያገኘች ግዛት ትጠቀማለች። ጆን ማክዱዋል ስቱዋርት የተባለ ስኮትላንዳዊ ቀያሽ በማርች 1860 ከሁለት ሰውና ከ13 ፈረስ ጋር ከደቡብ አውስትራሊያ ተነሥቶ ነበር። ሜልቦርን እንዳትቀደም ቸኮለች።

ሮያል ሶሳይቲ የተባለው የሜልቦርን የሳይንስ ማኅበር ኮሚቴ ለመሪነት የመረጠው በርክን ነው። አየርላንዳዊ ነው፤ በኦስትሪያ ጦር ውስጥ መኮንን ነበር፤ ሲመረጥ የፖሊስ አዛዥ ነው። ደፋርና ለጋስ ሰው እንደነበር የሚያውቁት መስክረዋል። አንድም የአሰሳ ጉዞ ግን መርቶ አያውቅም። ዊልስ 26 ዓመቱ የሆነ እንግሊዛዊ ቀያሽ ነው፤ በኮከብና በፀሐይ ቦታ መለየት፣ ሙቀትና ግፊት መመዝገብ ሥራው ነበር። ስለ ጉዞው ዛሬ የምናውቀው አብዛኛው ነገር የተገኘው ከእሱ ማስታወሻ ነው።

ሃያ ቶን ጭነት

ኦገስት 20 ቀን 1860 ከሜልቦርን ሲነሡ 19 ሰዎች፣ 26 ግመሎች፣ 23 ፈረሶችና 6 ሰረገላዎች ነበሩ። ጭነቱ 20 ቶን ያህል ይመዝናል። ግመሎቹ በአብዛኛው ለዚሁ ሥራ ከሕንድ በመርከብ የመጡ ናቸው፤ ነጂዎችም አብረዋቸው መጥተዋል። ከነጂዎቹ አንዱ ዶስት ማሆመት ይባላል፤ እስከ ኩፐር ክሪክ ዘልቋል።

ከጭነቱ መካከል የዝግባ ገበታ ያለው የኦክ ጠረጴዛ ከነወንበሮቹ፣ የምልክት ርችት፣ ባንዲራ፣ የቻይና ቃጭል፣ ግመል ወንዝ ሲሻገር የሚንሳፈፍበት በአየር የሚሞላ ከረጢት፣ ለግመሎቹ ብርታት ይሰጣል የተባለ 270 ሊትር ያህል ረም አረቄ ይገኛሉ። በርክ የሚታረድ ከብት እየነዱ ከመሄድ ይልቅ ቋንጣ መጫን መረጠ፤ በዚህም የሰረገላው ጭነት በረታ። አንዱ ሰረገላ ከተሰናበቱበት ሜዳ ሳይወጣ ተሰበረ።

አጋሰስ ጭኖ መንገድ የሄደ ሰው እዚህ ላይ ያለውን ስሌት ያውቀዋል። ደህና ግመል ከ150 እስከ 200 ኪሎ ይሸከማል፤ ሰረገላ ከዚያ ብዙ ይይዛል፤ ሆኖም መንገድ ይፈልጋል። ጭቃ ላይ ይሰምጣል፤ አሸዋ ላይ ይቆማል። ጭነት ሲበዛ ጉዞ ይዘገያል፤ ጉዞ ሲዘገይ ሰውና ከብት ብዙ ቀን ይበላሉ፤ ብዙ ቀን ለመብላት ደግሞ ተጨማሪ ስንቅ መጫን ግድ ይሆናል። ከዚህ አዙሪት መውጫው ሁለት ነው፦ ወይ እንደ ስቱዋርት ቀለል ብሎ መሄድ፣ ወይ ስንቁን አስቀድሞ በሌላ መንገድ ወደፊት ማድረስ።

ሁለተኛው መንገድ ለበርክ በእጁ ላይ ቀርቦለት ነበር። ፍራንሲስ ካደል የተባለ የመርከብ ካፒቴን ጭነቱን በሙሪና በዳርሊንግ ወንዞች በእንፋሎት መርከብ ላድርስላችሁ አለ። በርክ አልተቀበለም፤ ካደል ቀደም ሲል የበርክን ሹመት ተቃውሞ ነበርና። በዚህ ቂም የተነሣ 20 ቶን ዕቃ በክረምት ጭቃ ውስጥ እየተጎተተ ተጓዘ፤ ኦገስት በደቡብ ንፍቀ ክበብ የብርድና የዝናብ ወር ነው። በዳርሊንግ ወንዝ ዳር ያለችው ሜኒንዲ 750 ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች። ወደ ሁለት ወር ፈጀባቸው። የፖስታ ሰረገላ ያንኑ መንገድ ከሳምንት ብዙም ባልበለጠ ጊዜ ይጨርሰው ነበር።

ሜኒንዲ ሲደርሱ ቡድኑ ተሰንጥቋል። ግመሎቹን ከሕንድ ያመጣው ምክትል መሪ ላንደልስ በረሙና በግመሎቹ ጉዳይ ከበርክ ጋር ተጣልቶ ለቀቀ፤ ሐኪሙ ሄርማን ቤክለርም መልቀቂያ አስገባ። ዊልስ ምክትል ሆነ። በርክ ከዚህ በኋላ ቡድኑን ከፈለው፤ ፈጣኖቹን ይዞ ወደፊት ሄደ፤ አብዛኛውን ስንቅና የሳይንስ ሰዎቹን ወደኋላ ተወ። መንገድ የመራውን የአካባቢውን ሰው ዊልያም ራይትን ደግሞ ሦስተኛ ሹም አድርጎ “ተመለስና የቀረውን ጭነት አምጣልኝ” ብሎ ላከው። ያን ጊዜ ከኦክቶበር ወር ገና አላለፈም። ራይት ከሜኒንዲ የተነሣው በጃንዋሪ መጨረሻ ነው። ሹመቱን ኮሚቴው እስኪያጸድቅለትና የከብት መግዣ ገንዘብ እስኪመጣለት ሲጠብቅ ሦስት ወር አለፈ። የኋላው ስንቅ ኩፐር ክሪክ ላይ ሊደርስ ይገባው በነበረበት ጊዜ አልደረሰም።

የማይገጥም ስሌት

በርክ ኩፐር ክሪክ የደረሰው በኖቬምበር 1860 ነው። ወንዙ ዓመቱን ሙሉ የሚፈስ አይደለም፤ ጎርፍ ሲመጣ ሜዳውን ይሞላል፤ ጎርፉ ሲያልፍ ረጃጅምና ጥልቅ ኩሬዎች ይቀራሉ። በነዚህ ኩሬዎች ዙሪያ ነው ያንድሩዋንዳዎች የሚኖሩት። ከመጀመሪያው ሰፈር አይጥ አስነሥቷቸው ወደ ሌላ ኩሬ ተዛወሩና በጉዞው 65ኛ የሆነውን ሰፈር ተከሉ።

ምክንያታዊው ነገር እስከ ማርች ድረስ እዚያ መቆየት ነበር። ዲሴምበር የበጋው መግቢያ ነው፤ ሙቀቱ በጥላ ሥር ከ40 ዲግሪ ያልፋል። የኋላው ስንቅም ገና አልመጣም። በርክ ግን ስቱዋርት እንዳይቀድመው ፈራ። ዲሴምበር 16 ከዊልስ፣ ከኪንግና ከቻርሊ ግሬይ ጋር በስድስት ግመልና በአንድ ፈረስ ወደ ሰሜን ተነሣ። ለ12 ሳምንት የሚበቃ ስንቅ ያዙ። ሰፈሩን እንዲጠብቅ ዊልያም ብራሄን ከሦስት ሰዎች ጋር ተወው፤ ትእዛዙም “ሦስት ወር ጠብቁ” የሚል ነበር። ዊልስ ብራሄን ለብቻው ጠርቶ አራት ወር እንዲጠብቅ ለመነው። እርሱ ርቀቱን አስልቶ ስለነበር ሦስት ወር እንደማይበቃ ገብቶታል ማለት ነው።

በፌብሩዋሪ 11 ቀን በሰሜኑ ጠረፍ ወዳለው ካርፐንታሪያ ባሕረ ሰላጤ ተጠጉ። ከተነሡ 57 ቀን ሆኗል። የመጨረሻውን መንገድ በርክና ዊልስ ብቻቸውን ሄዱ፤ የሰሜኑ የዝናብ ወቅት ስለሆነ መሬቱ ሁሉ ረግረግ ነው፤ ፈረሱ ይሰምጣል። የወንዙ ውሃ ጨዋማ ነበር፤ ከባሕሩ ጋርም ከፍ ዝቅ ይላል። ባሕሩን ራሱን ግን አላዩትም፤ ማንግሮቭ የሚባለው በጨዋማ ውሃ የሚበቅል ዛፍ ጫካና ረግረግ ጋረዳቸው። እዚያ ላይ ዊልስ የመዘገባት ትንሽ ነገር አለች፦ ጭቃው ባስጨነቃቸው ቦታ የአገሬው ሰው የእግር መንገድ አገኙ፤ መንገዱ ጠንከር ባለው መሬት እየመራ ሰዎች እንደ ቦዬ ያለ ሥራ ሥር ቆፍረው ወደሚያወጡበት ደረቅ አሸዋማ ቦታ አደረሳቸው። በጉዞው ሁሉ ከእነሱ በፊት ሰው ባወቀው መንገድ ሲሄዱ ይቀናቸዋል፤ ትምህርቱ ግን ከአንድ ቀን አልዘለቀም።

አሁን ስሌቱን እንመልከት። ከ84 ቀን ስንቅ ከአራት ሳምንት ያነሰ ቀርቷቸዋል፤ የሚመለሱበት መንገድ ደግሞ ሁለት ወር ይፈልጋል። ስለዚህ ወደኋላ ሲዞሩ ያለቀላቸው ሰዎች ነበሩ ቢባል ማጋነን አይሆንም። ስንቁን ቀንሰው በሉ፤ ግመል እያረዱ በሉ፤ ፈረሱንም አረዱት። ግሬይ ዱቄት ደብቆ ሲበላ ተገኝቶ በርክ መታው፤ ታምሜያለሁ ሲልም አልታመነም። ኤፕሪል 17 ቀን ሞተ። ሦስቱ አቅማቸው የደከመ ሰዎች መቃብር ለመቆፈር አንድ ቀን ሙሉ ፈጀባቸው። ብዙ ጸሐፊዎች ያችን ቀን እንደ ባከነች ቀን ይቆጥሯታል፤ ጓደኛን ለመቅበር የዋለች ቀን እንዲህ መባሏ አግባብ አይመስለንም። የባከኑት ቀኖች በሜልቦርን ጭቃና በሜኒንዲ ናቸው።

ኤፕሪል 21 ቀን ማታ፣ ከተነሡ በ126ኛው ቀን፣ በሁለት ግመል ሰፈራቸው ደረሱ። በርክ ወደ ጨለማው ተጣራ። መልስ የለም። የእሳቱ ፍም ገና አልበረደም።

“ቆፍር”

ብራሄ አራት ወር ከአምስት ቀን ጠብቆ ነበር፤ ከታዘዘው አንድ ወር በላይ ማለት ነው። ከሰዎቹ አንዱ ፓተን ከፈረስ ወድቆ ተጎድቷል፤ ሌሎቹም በስከርቪ፣ ማለትም ትኩስ አትክልትና ፍራፍሬ ባለማግኘት በሚመጣው የቫይታሚን ሲ እጥረት፣ ድዳቸው እያበጠ መገጣጠሚያቸው እየታመመ ነበር። የዚያኑ ቀን ጠዋት ተነሡ። ከመሄዳቸው በፊት ዱቄት፣ አጃ፣ ስኳር፣ ሩዝና ቋንጣ ቀብረው በአጠገቡ ባለው የኩሊባ ዛፍ ላይ “ቆፍር” የሚል ቃልና ቀኑን ቀረጹ።

በዛፍ መጻፍ በዚያ ዘመን የአሳሾች ሁሉ ልማድ ነበር። ቅርፊቱ ተልጦ ፊደሉ በውስጠኛው እንጨት ላይ ይቀረጻል፤ ከሩቅ ይታያል፤ ዝናብም አያጠፋውም። ጉዳቱ ግን አንድ ነው፦ ኋላ የመጣ ሰው ተጨማሪ ካልቀረጸበት ዛፉ የሚናገረው የመጀመሪያውን ወሬ ብቻ ነው።

ሦስቱ ቆፈሩ፤ ስንቁንና የብራሄን ደብዳቤ አገኙ። ደብዳቤው ከፓተን በቀር ሰዎቹና ከብቶቹ በደህና ሁኔታ ላይ እንዳሉ ይላል። ስለዚህ አንደርስባቸውም አሉ። ብራሄ በዚያች ሌሊት ያደረው ከ22 ኪሎ ሜትር ያህል ርቀት ላይ ነበር። ዊልስና ኪንግ በመጡበት መንገድ ወደ ሜኒንዲ ብንሄድ ይሻላል ብለው ነበር፤ በርክ ግን ወደ ደቡብ ምዕራብ 240 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ ወደሚገኘው ማውንት ሆፕለስ፣ የከብት እርባታና ፖሊስ ወዳለበት አቅጣጫ እንሂድ አለ። በዚያ በኩል ደግሞ ከኩፐር የሚለየው ጅረት ደረቅ ነበር፤ ውሃ አልቆባቸው ደጋግመው ተመለሱ። አንዱ ግመል ጭቃ ውስጥ ገብቶ መውጣት ስላልቻለ ገደሉት፤ ሁለተኛውም ደክሞ ወደቀ። ግመል ከሌለ ውሃ የሚሸከም የለም፤ ውሃ የሚሸከም ከሌለ ከወንዙ ርቆ መሄድ አይቻልም። ከዚያ በኋላ የወንዙ እስረኞች ናቸው።

ከሁሉ የሚያንገበግበው ግን ምልክቱ ነው። ሦስቱ ከሰፈሩ ሲነሡ ደብዳቤያቸውን በዚያው ጉድጓድ ቀበሩ፤ የአገሬው ሰዎች እንዳይቆፍሩት አፈሩን እንደነበረ አስተካከሉት። በዛፉ ላይ አንዲት ፊደል አልጨመሩም። ብራሄ መንገድ ላይ በመጨረሻ እየመጣ ያለውን ራይትን አገኘና ሜይ 8 ቀን ሁለቱ በፈረስ ወደ ሰፈሩ ተመለሱ። ሩብ ሰዓት ያህል ቆዩ። ዛፉ እንደነበረ ነው፤ አፈሩም እንደነበረ ነው። “አልመጡም” ብለው ሄዱ። ጉድጓዱን አልከፈቱትም፤ እነሱም የመጡበትን ምልክት አልተዉም። በሜይ መጨረሻ ዊልስ ብቻውን ተመልሶ የጉዞ ማስታወሻውን እዚያው ቀበረ፤ ሰው መጥቶ እንደነበር የሚነግረው ምንም ነገር አላገኘም። የመጡበት ቀን በዛፉ ላይ ቢቀረጽ ኖሮ ያ ብቻ ሕይወታቸውን ባዳነ ነበር።

የናርዱ ነገር

በሜይ ወር ዊልስ ከያንድሩዋንዳዎች ጋር ጥቂት ቀን ቆይቶ ነበር። ዓሣ አበሉት፤ ከናርዱ ዱቄት የተጋገረ ቂጣ ሰጡት፤ የሚያድርበትም ቦታ አገኘ። ለጥቂት ወራት እንደ ጥቁሮቹ መኖር ሳይኖርብን አይቀርም ብሎም ጻፈ። ቃሉ ንቀት አለበት፤ ሐሳቡ ግን ትክክል ነበር።

ናርዱ በጎርፍ ሜዳ ላይ የሚበቅል የፈርን ዓይነት ነው፤ አራት አራት ሆኖ የሚወጣው ቅጠሉ ከማገጥ ጋር ይመሳሰላል። የሚበላው ግን ቅጠሉ አይደለም፤ ውሃው ሲደርቅ መሬት ላይ የሚቀረው፣ እንደ ዘር የሚያገለግለውን የተክሉን ስፖር የያዘው ጥቁርና ደረቅ እንክብል ነው። እንክብሉ በጣም ጠንካራ ስለሆነ መፍጨቱ ያደክማል። ሦስቱ ሰዎች መጀመሪያ ከዛፍ የሚገኝ መስሏቸው ሲፈልጉ ሰነበቱ፤ በሜይ አጋማሽ መሬት ላይ ብትን ብሎ ሲያገኙት ድነናል አሉ። ከዚያ በኋላ ሥራቸው መልቀምና መፍጨት ሆነ።

በጁን ወር ሦስቱ በቀን እስከ ሁለት ኪሎ ያህል ያገኙ ነበር። የምግብ ፍላጎታቸው አልተዘጋም፤ ይበላሉ፤ ይጠግባሉ፤ ግን በየቀኑ ይደክማሉ። ዊልስ በማስታወሻው ይህ ነገር ፈጽሞ አልገባኝም ይላል። እግሮቹ አልሸከም አሉት፤ የልብ ምቱ በደቂቃ 48 ሆነ፤ እጅና እግሩ ቆዳና አጥንት ብቻ ቀረ። በመጨረሻዎቹ ቀኖች የጻፈው ደግሞ በናርዱ መራብ ያን ያህል የሚያሠቃይ ነገር አይደለም፣ ድካሙና መንቀሳቀስ አለመቻሉ እንጂ ምግቡስ ያረካል የሚል ነው።

ኋላ የመጡ ተመራማሪዎች ለዚህ የሰጡት ማብራሪያ እንዲህ ነው። በናርዱ ውስጥ ቲያሚኔዝ የሚባል ኤንዛይም በብዛት አለ። ይህ ኤንዛይም ቲያሚንን፣ ማለትም ቫይታሚን ቢ1ን፣ ይሰባብራል። ሰውነት ከእህል የሚያገኘውን ስታርች ወደ ጉልበት የሚለውጠው በቢ1 ነው፤ ነርቭና ልብም ያለ እሱ አይሠሩም። ቢ1 ሲጠፋ የሚመጣው በሽታ ቤሪቤሪ ይባላል፦ እግር ይዝላል፣ ጡንቻ ይሟሽሻል፣ ልብ ይደክማል። ስለዚህ ሰውየው ብዙ በበላ ቁጥር ያለችው ትንሽ ቢ1 ቶሎ ታልቃለች። በኛ አገር ጓያን የሚያውቅ ሰው ነገሩ አይከብደውም፤ መርዙ ሌላ፣ በሽታውም ሌላ ቢሆንም፣ ጓያም በዘፈዘፉት፣ ቀቅለው ውሃውን በደፉትና ከሌላ እህል ጋር በቀላቀሉት መጠን ጉዳቱ ይቀንሳል፤ በችግር ዘመን እሱን ብቻ ለወራት የበላ ግን እግሩን ያጣል።

ያንድሩዋንዳዎች ናርዱን እንደ እንግዶቹ አይበሉትም ነበር። እንክብሉን ያምሱታል፤ ገለባውን ይለያሉ፤ ከዚያ በድንጋይ ላይ ውሃ እያከሉ ፈጭተው ቀጭን አጥሚት ያደርጉታል፤ አጥሚቱንም በወንዝ ዛጎል እየጨለፉ ይበሉታል። ውሃው ኤንዛይሙና ሥራውን የሚያግዙት ንጥረ ነገሮች እንዲሳሱ ያደርጋል ነው የሚባለው፤ የዛጎሉም ነገር እንዲሁ፣ ቅጠል እንደ ማንኪያ ቢሆን ኖሮ እነዚያው አጋዥ ንጥረ ነገሮች ከቅጠሉ ይጨመሩ ነበር ይላሉ ተመራማሪዎቹ። እንግዶቹ ያዩት ቂጣውን ነው፤ አሠራሩን አልጠየቁም። ከዚህም በላይ ለያንድሩዋንዳዎች ናርዱ ከዓሣ፣ ከዛጎል ውስጥ ሥጋ፣ ከወፍና ከአይጥ ጋር የሚበላ እህል ነው እንጂ ብቻውን ማዕድ አይደለም።

ለሁለቱ ሞት ብቸኛው ምክንያት ቤሪቤሪ ነው ማለት ግን ልክ አይሆንም። ስከርቪውም ነበር። ጁን እዚያ የክረምት ወር ነው፤ ሌሊቱ ይበርዳል፤ ልብሳቸው ተበጣጥሷል፤ በተቀበረው ስንቅ ውስጥም ልብስ አልነበረም። በጠቅላላው የሚያገኙት ጉልበት ለመልቀምና ለመፍጨት ከሚያወጡት ያነሰ ነበር። ናርዱው በዚህ ሁሉ ላይ የተጨመረ ነው።

ታዲያ ዓሣውን ለምን አላገኙም? ዓሣውን የሚያጠምዱት ሰዎች ስለ ራቋቸው ነው። የራቁበትም ምክንያት አለ። ገና ከመጀመሪያው፣ የብራሄ ሰዎች ሰፈሩን በእንጨት አጥር አጥረው የአገሬውን ሰው አያስጠጉም ነበር፤ ያንድሩዋንዳዎች ግን በገዛ ወንዛቸው ዳር ነው ያሉት፤ እንግዳ ሲቀበሉም የሚሰጠውና የሚቀበለው በወጉ ነው። ኪንግ እንደተናገረው፣ አንዱ ሰው ሸራ ሊወስድ ሲሞክር በርክ ሽጉጥ ተኮሰ፤ ቆየት ብሎ ዓሣ ይዘው ሲመጡ በርክ አትቀበሉ ብሎ ዓሣውን ከእጃቸው መታው። በርክ አንዴ ከለመድናቸው ይዳፈሩናል ብሎ ይፈራ ነበር። ከዚያ በኋላ ሰዎቹ ከአካባቢው ለቀው ሄዱ። ከሁሉም ስህተቶች ይህኛው የከፋ ይመስለናል፤ ሌላው ሁሉ በዚህ ሊካስ ይችል ነበርና።

የተረፈው ሰው

በጁን መጨረሻ ዊልስ መቆም አቃተው። እኔን ተዉኝና ሂዱ፣ ያንድሩዋንዳዎችን ፈልጉ፤ ያለ እነሱ ሌላ ተስፋ የለንም አለ። ለስምንት ቀን የሚሆን ናርዱ፣ ውሃና ማገዶ አስቀምጠውለት ሄዱ። በርክ ሁለት ቀን ያህል ተጉዞ ወደቀና በማግሥቱ ሞተ፤ እንዳይቀብረው ለኪንግ ነግሮት ሽጉጡን እንደያዘ ተኛ። ኪንግ ወደ ዊልስ ሲመለስ እሱም ሞቷል።

ኪንግ የ22 ዓመት ወጣት ነው፤ በሕንድ ወታደር ነበር። ሰዎቹን ፈልጎ አገኘና አብሯቸው ተቀመጠ። ወፍ እየመታ ይሰጣቸዋል፤ አንዲት ሴት ክንዷ ላይ ቁስል ነበረባት፤ አጥቦ መድኃኒት ቀባላት። ከዚያ ወዲህ እንደ ወገን ቆጠሩት፤ ጎጆ ሠሩለት፤ ዓሣና ናርዱ ያካፍሉት ነበር። ያንኑ ናርዱ እየበላ፣ ግን እነሱ እንደሚያዘጋጁትና ከዓሣ ጋር፣ ሁለት ወር ተኩል ኖረ። ሴፕቴምበር 15 ቀን 1861 በአልፍሬድ ሃዊት የሚመራ የፍለጋ ቡድን አገኘው። ብራሄ ራሱ በዚያ ቡድን ውስጥ ነበር። ሃዊት ለያንድሩዋንዳዎቹ ስለ ውለታቸው ስጦታ ሰጣቸው።

በጠቅላላው ሰባት ሰዎች ሞተዋል፦ በርክ፣ ዊልስ፣ ግሬይና ፓተን፤ ከራይት ጋር ወደኋላ ከቀሩት ደግሞ ስቶን፣ ፐርሰልና ሠዓሊውና የተፈጥሮ ተመራማሪው ሉድቪግ ቤከር። ወጪው ከ50,000 ፓውንድ በላይ ሆነ። በርክንና ዊልስን ፍለጋ በተለያየ አቅጣጫ የወጡት ቡድኖች በካርታው ላይ የሞሉት ቦታ ጠፊዎቹ ራሳቸው ካዩት በብዙ ይበልጣል። ስቱዋርት ደግሞ በስድስተኛው ጉዞው፣ በጁላይ 1862፣ ሰሜኑ ባሕር ደረሰ፤ እሱም በስከርቪ ታሞ በቃሬዛ ነው የተመለሰው፤ ከሰዎቹ ግን አንድም አልሞተበትም። በ1872 የተዘረጋው የቴሌግራፍ ሽቦ የተከተለው በአብዛኛው የእሱን መንገድ ነው።

ለያንድሩዋንዳዎቹ ግን ካርታው ሲሞላ ክፉ ዘመን መጣ። አሳሾቹ ሳርና ውሃ አለ ብለው ባወሩበት ቦታ ከብት አርቢዎች ተከትለው ገቡ፤ ኩሬዎቹ የከብት መጠጫ ሆኑ፤ የናርዱው ሜዳ ተረገጠ፤ በሽታና ግድያም ሰዉን ጨረሰው። ከእነሱ የተወለዱት ከወንድሞቻቸው ከያዋራዋርካዎች ጋር ሆነው በደቡብ አውስትራሊያ በኩል ባለው የኩፐር ምድር ላይ የባለርስትነት መብታቸውን በፍርድ ቤት ያስመዘገቡት በ2015 ነው።